በመድረኩ መጽሐፍ ሽፋን ውስጥ የነበሩ ሃያ ወረቀቶች

አባቴ መጽሐፍ ሲሰጡት ርዕሱን አያይም ነበር። ይገለብጠዋል፣ ጀርባውን በአውራ ጣቱ ይደባብሰዋል፣ ከዚያ መሐሉን ከፍቶ ያሸተዋል። «ይሄ ሰው ቸኩሏል» ይላል፤ ወይም «እዚህ ላይ ክር ሰስቷል»። ስለ ደራሲው የሚናገር የመሰለው እንግዳ ብዙ ነው። እሱ የሚያወራው ስለ ጠራዡ ነበር።

ሃምሳ ሁለት ዓመት መጽሐፍ ጠርዟል። ያረፈው በሰማንያ ዓመቱ ነው፤ ዓመት ከአራት ወር ሆነው። እኔ ልጁ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነኝ። ዩኒቨርሲቲ የተማርኩት አንድን ሰነድ መቼ ማመን እንደሚቻል ነው፤ ስለዚህ ስለ እሱ ስጽፍም ያየሁትንና የሰማሁትን ለይቼ ለማስቀመጥ እሞክራለሁ። ሐዘን ነገርን ያሳምራል። እሱ ደግሞ ከሚያምር ነገር ይልቅ ቀጥ ያለውን ይወድ ነበር።

የተወለደው ኮረብታው ተዳፋት ላይ፣ እኔ እስካሁን በምኖርበት ቤት ነው። ከአናቱ ላይ ከባሕር ማዶ የመጣው ሚሲዮን የሠራቸው ቤተ ክርስቲያን፣ ትምህርት ቤትና ማተሚያ ቤት አሉ፤ ከግርጌው ወንዝ አለ፤ ከመሐል እኛ አለን፣ አርባ ሦስት ቤት። የአባቴ አባት የሚሲዮኑ ወንጌላዊ ነበር። የውጭዎቹ ሰባኪዎች ቋንቋችን ሳይገባቸው ቤት ለቤት እየዞረ የሚያስተምረው እሱ ነበር ይባላል። አያቴ የሞተው አባቴ አሥራ ስድስት ዓመት ሲሆነው ነው፤ እኔ አልደረስኩበትም።

አባቴን የሚቀናው ግራ እጁ ነበር። በዚያን ጊዜ ትምህርት ቤት ይህ እንደ ጥፋት ስለሚቆጠር እስከ ምሳ ሰዓት ግራ እጁን በመሐረብ ከወንበሩ ጋር ያስሩት ነበር። በቀኙ መጻፍ ለመደ፤ ጽሕፈቱም ያምር ነበር። ቢላና መርፌ ሲይዝ ግን የሚያስረው ሰው ስላልነበረ በግራው ቀጠለ። «ቀኝ እጄ የሚሲዮኑ ነው፤ ግራዬ የራሴ ነው» ይለን ነበር፣ ሁለቱንም ጠረጴዛ ላይ ዘርግቶ እያሳየ። አንድ ቀን የትኛውን እንደሚወድ ጠየቅሁት።

«አንቺ ሁለት ልጅ ቢኖርሽ ይሄን ጥያቄ ትመልሺዋለሽ?» አለኝ።

በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ማተሚያ ቤቱ ጥረዛ ክፍል ተቀጠረ። ኃላፊው ከባሕር ማዶ የመጣ ባለሙያ ነበር፤ ሠራተኞቹ «ሰዓት» ይሉታል። አንድ ሰው አምስት ደቂቃ ሲዘገይ የኪስ ሰዓቱን አውጥቶ ጆሮው ላይ ይለጥፍለት ነበርና ነው። አባቴ ስለዚህ ሰው ሲያወራ ሁልጊዜ ሁለት ነገር አከታትሎ ይናገራል። «እጁን በእጄ ላይ አድርጎ ነው ቆዳ መላግ ያስተማረኝ፤ ከሱ የበለጠ አስተማሪ አላየሁም። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ግን አንድ ቀን ቤት ግባ አላለኝም።» አንደኛውን ብቻ ተናግሮ ሁለተኛውን የተወበትን ቀን አላስታውስም፤ ሁለተኛውን ብቻ የተናገረበትንም እንዲሁ።

ተማሪ ሳለሁ ከዩኒቨርሲቲ ስመጣ ክርክር ይዤ ነበር የምመጣው። ወንጌሉና የገዥዎቹ ጠመንጃ በአንድ መርከብ ነው የመጡት እለው ነበር፣ ምሳ እየበላን።

«መምጣታቸውን እኔም አውቃለሁ» አለኝ አንዴ። «ወደብ ላይ ማን አራገፋቸው?»

«እኛ ነና፣ ተገድደን።»

«አንዱን ተገድደን ተሸከምን። አንዱን ወደን ቤት አስገባን። አሁን የኔ ነው። ሰጪው መጥፎ ነበር ብለሽ ከእጄ ልትቀሚኝ ነው?»

«ልቀማህ አይደለም። እንዴት እንደመጣ ይታወቅ ነው የምለው።»

«ይታወቅ» አለ። «ማን ከለከለሽ? ብቻ ወጡን አቀብይኝ።»

በዚያን ጊዜ ይህ ቃል እንደሚያስከፍለው ሁለታችንም አላወቅንም።

ስለ ሥራው አንድ ነገር ካልተናገርኩ የሚቀጥለው አይገባም። የመጽሐፍ ሽፋን ከቆዳው ሥር ጠንካራ ነገር አለው፤ ጠራዦች ገበታ ይሉታል። ዛሬ የፋብሪካ ካርቶን ነው። በአባቴ ወጣትነት ግን ካርቶን በመርከብ ነበር የሚመጣው፤ ብዙ ጊዜም አይመጣም። ስለዚህ ገበታውን ራሳቸው ይሠሩት ነበር። የተበላሸ የመዝሙር ወረቀት፣ ያለፈበት ማስታወቂያ፣ ማንም የማይፈልገው ደብዳቤ፣ ያገኙትን ሁሉ በዱቄት ሙጫ እየደራረቡ ይለጥፉና ሦስት ቀን መጭመቂያ ውስጥ ይከቱታል። ሲደርቅ እንጨት ያክላል። በክፍሉ ግድግዳ ላይ «ወረቀት አይጣልም» የሚል ተለጥፎ ነበር፤ አባቴ እስኪሞት ድረስ ቤታችን ውስጥም ይሠራ የነበረ ሕግ ነው።

የሙያው አውራ የመድረኩ መጽሐፍ ቅዱስ ነው። ሰባኪው የሚቆምበት መድረክ ላይ የሚዘረጋው ትልቁ ማለት ነው። በሃያ ሁለት ዓመቱ፣ የገዥዎቹ ባንዲራ ሊወርድ ሁለት ዓመት ሲቀረው ጠረዘው። ቆዳው ጥቁር ቀይ ነው፣ ሽፋኑ ጣት ይወፍራል፣ ሲከፈት ድምፅ የለውም። በየእሑዱ ሦስተኛው ረድፍ ተቀምጦ ዓይኑን ከሱ አያነሳም ነበር።

«አንተ ስብከት ነው የምትሰማው ወይስ ቆዳ ነው የምትጠብቀው?» ትለው ነበር እናቴ፣ ነፍሷን ይማርና።

«ሁለቱንም። ስብከቱ ሲላላ ቆዳው አይላላም።»

አባቴ ሰባ ስምንት ዓመት ሲሞላው፣ በአርባ ሦስታችንም በር ላይ አንድ ዓይነት ወረቀት ተለጠፈ። ከመሬት ጽሕፈት ቤት ነው። ኮረብታው ከአናቱ እስከ ወንዙ የቤተ ክርስቲያኒቱ ይዞታ መሆኑን፣ ትምህርት ቤቱ ወደ ታች ሊሰፋ መሆኑን፣ ያለ መብት የሰፈርን ሰዎች በስድስት ወር ውስጥ እንድንነሳ ይገልጻል። ማስረጃው የቅኝ ግዛቱ አስተዳዳሪ ለሚሲዮኑ የሰጠው ወረቀት ነበር፤ መሬቱን «ባዶ» ይለዋል። ሚሲዮኑ ሲሄድ ይዞታው ለኛዋ ቤተ ክርስቲያን ተላለፈ። ይህን ያለው ከተማ ያለው የቤተ ክርስቲያኒቱ ዋና ጽሕፈት ቤት ነው፤ እዚያ ያሉ ሰዎች ክፉ አልነበሩም። ወረቀት አይተው አመኑ። እኔም ብሆን አምን ነበር።

ሕጉ አንድ በር ትቶልናል። ስጦታው ከመሰጠቱ በፊት ኮረብታው ላይ የኖረ ቤተሰብ፣ ዘሩ አይነሳም። ይህን ግን በዘመኑ በተጻፈ ማስረጃ ማሳየት አለበት። አያቶቻችን አናቱ ላይ ይኖሩ እንደነበርና ትምህርት ቤቱ ሊሠራ ሲል በዘበኛ እንደወረዱ ልጅ ሆነን ሰምተናል። ያየ ሰው ግን በሕይወት አልነበረም።

የእናቴ ታናሽ እህት አጠገባችን ነው የምትኖረው፤ ለዚያው ትምህርት ቤት የተማሪ ልብስ ትሰፋለች። ወረቀቱን በጥርሷ መርፌ ይዛ አነበበችው።

«አንቺ እዚያ መዝገብ ቤት ሃያ ዓመት ሙሉ ምን ትሠሪያለሽ?» አለችኝ። «አቧራ ነው የምታራግፊው? ከዚያ ሁሉ ወረቀት አንዷ የኛ አትሆንም?»

ቤቴ ክርክር ውስጥ እንዳለ ለአለቃዬ በጽሑፍ አሳወቅሁ፤ ሰነድ የሚያወጣልኝ ሌላ ባልደረባ ተመደበ። የሚሲዮኑ ኃላፊ ወደ ውጭ የሚልካቸውን ደብዳቤዎች የሚገለብጥበት ትልቅ መዝገብ ነበር። ስጦታው የተሰጠበትን ዓመት ከፈትን። ከ111 በኋላ ያለው ወረቀት 132 ነው። መሐሉ ላይ ሃያ ወረቀት ከሥሩ ተቆርጧል።

ያን ቀን ማታ ስለ መዝገቡ ለአባቴ ነገርኩት። «አቆራረጡ እንዴት ነው?» አለ።

«ንጹህ ነው። በጣም ንጹህ።»

«ልየው።»

ማክሰኞ ጠዋት ወደ መዝገብ ቤት ይዤው ሄድኩ።

«እስክሪብቶ ይዘሃል?» አልኩት የንባብ ክፍሉ በር ላይ።

«ምን ልጽፍበት?»

«ይዞ መግባት አይቻልም። እርሳስ ብቻ ነው።»

«ቢላስ?»

«አባዬ።»

«ጠየቅሁ እንጂ ምን አልኩ?»

መዝገቡን ባልደረባዬ አስቀመጠለት። መነጽሩን አደረገ፤ መብራቱን ከጎን እንዲያበሩለት ጠየቀ፤ ከተቆረጠው የቀረውን ጠርዝ በጥፍሩ ከታች ወደ ላይ ሄደበት። ከዚያ እጁን አንስቶ ጭኑ ላይ አደረገ።

«ቀኝ እጁን የሚጠቀም ሰው ቢላውን ወዲህ ነው የሚያዘነብለው» አለ ለባልደረባዬ፣ ለተማሪ እንደሚያስረዳ። «ይሄ ግን ወዲያ ነው ያዘነበለው። ከታች ጀምሮ ነው የቆረጠው።»

«በጥረዛ ክፍሉ ግራ እጁን የሚጠቀም ስንት ሰው ነበር?» አለው ባልደረባዬ።

«አንድ።»

መነጽሩን አወለቀ።

«የኔ እጅ ነው» አለ አባቴ።

ቀኑን አስታወሰ። ባንዲራው ሊወርድ ሲቃረብ ሚሲዮኑ ቢሮውን እያጸዳ ነበር፤ አለቃው ሰዓት መዝገቡን አምጥቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠለት። አንዳንድ ወረቀት ጥግ ላይ የእርሳስ ምልክት አለው። «ምልክት ያለባቸውን አውጣና ገበታ አድርጋቸው» አለው። ለምን እነዚያ ብቻ? አባቴ አልጠየቀም። እኔም ዛሬ መልስ የሚሰጠኝ ሰነድ የለኝም፤ ስለዚህ ግምቴን አልጽፍም።

«አላነበብከውም?» አልኩት።

«ወረቀቱን አየሁት» አለ። «ጥጥ ያለበት፣ ወፍራም፣ እንደ ጨርቅ የሚታጠፍ ወረቀት ነበር። በዚያ ዓመት እንዲህ ያለ ወረቀት ከየት ይገኛል? ደስ አለኝ ልጄ። ለሌላ መጽሐፍ አላባክነውም ብዬ ለትልቁ አስቀመጥኩት።»

«ለየትኛው ትልቁ?»

የገዛ ስሜን እንደ ረሳሁ አድርጎ አየኝ። «መድረኩ ላይ ላለው ነዋ።»

ነገሩ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ የሽማግሌዎች ጉባኤ ሄደ። ሊቀመንበሩ የአባቴ የትምህርት ቤት ጓደኛ ነው፤ ሠላሳ ዓመት የትምህርት ቤቱ ርእሰ መምህር ነበር። በሹክሹክታ ሲያወራ እንኳ ወንዝ ማዶ ስለሚሰማ «ደወል» ይባላል። ትምህርት ቤቱ እንዲሰፋ አሥር ዓመት የለመነውም እሱ ነው።

«አንተ ሰውዬ» አለ ደወል፣ «ሃምሳ ስድስት ዓመት የቆየ መጽሐፍ ልትገነጥል ነው?»

«አልገነጥልም፣ እፈታለሁ። የገጠምኩት እኔ ነኝ።»

«የእግዚአብሔር ቃል ነው።»

«ቃሉን ማን ነካው? እኔ የምነካው ዱቄትና ወረቀት ነው።»

ወጣቱ ቄስ ጉሮሮውን ጠረገ። «አባባ፣ ዋናው ጽሕፈት ቤት ከመሬቱ ውሳኔ በኋላ ብናየው ይሻላል ብሏል። አሁን ምእመናኑ ይከፋፈላሉ።»

«ከውሳኔው በኋላ ለማን ነው የማሳየው ልጄ? ለወንዙ?»

«እሺ ባይኖርስ?» አለ ደወል። «ዘንግተህ ቢሆንስ? አርጅተሃል።»

«አንተም አርጅተሃል። ባይኖር ሽፋን አበላሸን፤ በወር ውስጥ ሌላ እሠራለሁ። ቢኖር ግን፣ በየእሑዱ ክርናችሁን አስደግፋችሁ ስለ እውነት የምትሰብኩት እላዩ ላይ ነው።»

ደወል ዱላውን መሬት ላይ አንከባለለው። ትምህርት ቤቱን እንደ ልጁ እንደሚወደው እዚያ ያለ ሁሉ ያውቃል።

«ፍታው» አለ በመጨረሻ። «ግን እኔ ፊት ነው የምትፈታው። ስለማላምንህ እንዳይመስልህ።»

«ታዲያ ስለ ምንድን ነው?»

«ስለማላምንህ ነው» አለና ራሱ ቀድሞ ሳቀ።

ሐሙስ ጠዋት ከቤተ ክርስቲያኑ ጎን ባለችው ክፍል ተሰበሰብን። ደወልና አራት ሽማግሌዎች፣ ቄሱ፣ የዋናው ጽሕፈት ቤት ጠበቃ፣ የመሬት ጽሕፈት ቤቱ መርማሪ ከአስተርጓሚው ጋር፣ ከመዝገብ ቤት ባልደረባዬ። ከደጅ አክስቴና ጎረቤቶቻችን ቆመዋል። የኔ ሥራ ለብ ያለ ውሃ መያዝ ብቻ ነበር፤ እንዲያ እንዲሆን የጠየቅሁትም እኔ ነኝ።

አባቴ ነጭ ሸሚዙን እስከ ክርኑ ጠቅልሎ መጽሐፉን በፊቱ ደፋው። ለጥቂት ጊዜ መዳፉን ጀርባው ላይ አሳረፈ። ከዚያ ቢላውን በግራው ይዞ ቆዳውን በማጠፊያው ላይ ቀደደው። ድምፁ ትንሽ ነበር። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ፊቱን አዞረ።

የፊተኛው ገበታ ውሃ ውስጥ ገብቶ ሩብ ሰዓት ያህል ቆየ። ወረቀቱ አንድ በአንድ ሲላቀቅ ባልደረባዬ ቁጥር እየሰጠ መዘገበው። የመዝሙር ወረቀት። የመዝሙር ወረቀት። የአትክልት ዘር ሻጭ ማስታወቂያ፣ ጎመን የተሣለበት። የግማሽ ዓመት የቀን መቁጠሪያ። ደግሞ የመዝሙር ወረቀት። ሃያ አራት ወረቀት ወጣ፤ ከመዝገቡ አንድም የለም።

ጠበቃው ሰዓቱን አየ። አክስቴ ከደጅ «ምን አገኘ?» ስትል ሰማሁ፤ «ጎመን» አላት አንዱ።

«እንግዲህ የኋለኛው ነው» አለ አባቴ። ድምፁ አልተለወጠም። ውሃ ቀይሪ አለኝ።

«ቀለሙ አይለቅም?» አለ መርማሪው።

«ያ ዘመን ቀለም ብረት አለው፤ ውሃ አይፈራም። የኔ ሙጫ ደግሞ ከውሃ ጋር አይጣላም። የአጥንት ሙጫ ብጠቀም ኖሮ ዛሬ እዚህ አንቆምም ነበር።»

ሁለት ስስ ወረቀት ተላቀቀ። ሦስተኛውን ወረቀት በሚያጥፍበት ዝርግ አጥንት ጫፍ ሲያነሳው እጁ ቆመ። እኔም አየሁት፤ ወረቀቱ ወፍራም ነው። ጥግ ላይ በቡናማ ቀለም 118 ይላል።

ሃያውም እዚያ ነበሩ። 114ና 115 ተጣብቀው እምቢ አሉ፤ ከማስገደድ ይቅር ብሎ ተዋቸው። የቀሩት አሥራ ስምንቱ በመምጠጫ ወረቀት ላይ ተዘረጉ።

አስተርጓሚው 118ን ወደ ቋንቋችን እየመለሰ አነበበ። የሚሲዮኑ ኃላፊ ለአስተዳዳሪው የጻፈው ነው። ለትምህርት ቤቱ የሚመቸው የኮረብታው አናት ነው፤ ነገር ግን አርባ አንድ ቤተሰብ ቤትና አትክልት አለው፤ በልመና አልወርድ ብለዋል፤ ዘበኛ ቢላክ ወደ ተዳፋቱ ይወርዳሉ፤ ከወረዱ በኋላ መሬቱ ባዶ ተብሎ ሊመዘገብ ይችላል። ቀጥሎ እንዲህ ይላል፦ የቤተሰቦቹን ዝርዝር አያይዣለሁ፤ ወንጌላዊያችን ቤት ለቤት ለመጎብኘት ያዘጋጀው ስለሆነ የታመነ ነው፤ ያልገባበት ቤት የለም።

አስተርጓሚው እዚህ ላይ ቀና አለ።

ዝርዝሩ ከ121 እስከ 124 ነበር፤ ኃላፊው ቋንቋችንን ተምሮ ስለነበር በኛው ቋንቋ እንዳለ ገልብጦታል። እያንዳንዱ ቤት ስንት ክፍል እንዳለው፣ ማን እንደሚኖርበት፣ ስንት ዛፍ እንደተተከለ፣ ቤተሰቡ በየትኛው ሰዓት እንደሚገኝ ይናገራል። ለመጎብኘት የተጻፈ ነው፤ ለዘበኛ ከዚህ የተሻለ መመሪያ አይገኝም።

129 አጭር ናት። ዘበኞቹ ሐሙስ መጥተው ከምሳ በፊት ጨርሰዋል፤ ኃላፊው ያመሰግናል። በመጨረሻ ላይ ወንጌላዊው እያለቀሰ መጥቶ ዝርዝሩን እንዲመልሱለት እንደጠየቀ፣ ዝርዝሩ የቤተ ክርስቲያን ንብረት ነው ብሎ እንደመለሰለት ይጽፋል።

«ይህ ወንጌላዊ ማን እንደሆነ የሚያውቅ አለ?» አለ መርማሪው።

ደወል መሬት መሬት ያያል።

አባቴ እጁን በፎጣ እያደረቀ ነበር። ሁለቱንም አደረቀ። «አባቴ ነው» አለ። «ይጻፍልኝ።»

«ሳያውቅ ነው ያደረገው» አለ ደወል ቶሎ ብሎ።

«ሳያውቅ መሆኑንም ጻፉ። መጀመሪያ ግን ማድረጉን ጻፉ።»

መርማሪው በዚሁ ቅደም ተከተል ጻፈው። ቃለ ጉባኤውን አይቼዋለሁ።

ማታ ቤት ሆነን ስለ አያቴ አጫወተኝ። አባቱ በመንገድ ሲሄድ ከንፈሩ ይንቀሳቀስ እንደነበር፣ የሰው ስም ብቻ እየጠራ ይሄድ እንደነበር፣ ልጆች ሆነው እንደሚስቁበት ነገረኝ። «ጸሎት ይመስለኝ ነበር» አለ። ደግሞ «ጸሎትም ይሆናል» አለ። ከዚያ፣ በሃያ ሁለት ዓመቱ ወረቀቶቹን ገለጥ ገለጥ ቢያደርግ ዝርዝሩን ያነበው እንደነበር ተናገረ። በገዛ ቋንቋው ነው የተጻፈው። «እኔ ያየሁት ጥጡን ነው።» ይህንንም እንደ ሌላው ነገር ሁሉ ቀጥ አድርጎ ተናገረው፤ አልጨመረበትም፣ አልቀነሰለትም።

ውሳኔው በሦስት ወሩ መጣ። ከአርባ ሦስቱ ቤት ሠላሳ ስምንቱ በዝርዝሩ ውስጥ ካሉት የተወለዱ ናቸው፤ አምስቱ ከነሱ ጋር የተጋቡ። ማንም አይነሳም። ትምህርት ቤቱ የተዘጋው ማተሚያ ቤት ባለበት በኩል እንዲሰፋ ተባለ፤ ዋናው ጽሕፈት ቤት ይግባኝ አልጠየቀም። ደወል ያኛው ቦታ ነፋስ ይበዛበታል እያለ እስከ ዛሬ ያጉረመርማል። አባቴ በካርቶን ገበታና በአዲስ ቆዳ መጽሐፉን መልሶ ጠረዘው፤ ከወር ይልቅ አምስት ሳምንት ፈጀበት፤ ይህንን እኔ ስለቆጠርኩበት ተቀየመኝ።

ከዚያ በኋላ ማንም ያላዘዘውን ሥራ ጀመረ። የየቤቱን መስመር በቀኝ እጁ፣ በዚያ ባማረ ጽሕፈቱ፣ በየብቻው ወረቀት ላይ ገለበጠ። እሑድ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ እየዞረ ለየባለቤቱ ይሰጥ ጀመር። ወረቀቱን የምይዝለት እኔ ነበርኩ።

የአክስቴ ቤት አሥራ ሰባተኛ ነበር። ሸክላ የምትሠራ ባሏ የሞተባት ሴት፣ ሁለት ክፍል፣ አራት የብርቱካን ዛፍ፣ ቃሉን በደስታ ትሰማለች፣ የምትገኘው ከሰዓት በኋላ ብቻ ነው ይላል።

«ከሰዓት በኋላ ብቻ?» አለች አክስቴ። «አየህ፣ የኛ ዘር ድሮም ጠዋት ሥራ ላይ ነው። ለእህቴ ልጅ ይነገርልኝ።»

የመጨረሻው፣ አርባ አንደኛው፣ የጫማ ሰፊው ቤት ነበር። ከአባቴ አሥር ዓመት ያንሳል፤ አንድ እሑድ ቤተ ክርስቲያን የማይቀር ሰው ነው። በሩ ላይ ተቀምጦ ሶል ሲቆርጥ አገኘነው።

«ያንተ አያት ንብ ያረባ ነበር» አለው አባቴ። «ዘጠኝ ቀፎ። እዚህ የተጻፈውን ልንገርህ? ‹መስማት አይፈልግም። ሁለት ጊዜ አባሮኛል። እንደገና እሄዳለሁ።›»

ጫማ ሰፊው መቁረጫውን አስቀመጠ። «አባረረው? አባትህን?»

«ሁለት ጊዜ።»

«ታዲያ እኔ ምን ሆኜ ነው በየእሑዱ የምመላለሰው?»

«ሦስተኛ ጊዜ ሄዶ ነዋ።»

ሁለቱም እስኪያነቡ ሳቁ። ከዚያ ጫማ ሰፊው ዓይኑን ጠርጎ «ቀፎዎቹ የት ነበሩ?» አለ።

አባቴ ወደ አናቱ በአገጩ አመለከተው። «እዚያ ጋ፣ ከውሃ ጉድጓዱ በላይ ይላል። አሁን አንደኛ ክፍል ያለበት መሆን አለበት።»

ጫማ ሰፊው ወደ ላይ ተመለከተ፤ ረጅም ጊዜ አየ። «እዚያ ነው ፊደል የቆጠርኩት» አለ።

«እኔም።»

አባቴ ወረቀቱን ዘረጋለት፤ ላንብብልህ ወይ አለው። ጫማ ሰፊው ራሱን ነቀነቀ፤ እጁን በሽርጡ ጠርጎ ተቀበለው፣ ጣቱን ከመጀመሪያው ቃል ሥር አደረገና ራሱ ጮክ ብሎ ማንበብ ጀመረ። ቀስ ብሎ ነው የሚያነበው። አባቴ ኮፍያውን አውልቆ እስኪጨርስ ቆሞ ጠበቀው።